አዘቅዝቃ የለበሰችው ነጠላ

— ሄሎ?... ሄሎ፣ ፊርደውስ! ትሰሚኛለሽ?... ኧረ ነፋስ ብቻ ነው የሚሰማኝ፤ ወደ ውስጥ ግቢ እስቲ።... እህ፣ አሁን ጥሩ ነው።

— ደረስሽ?... ጎሽ የኔ ጀግና! ቦታሽ የት ጋ ሆነ?... ሦስተኛው ረድፍ፣ በጣም ጥሩ። ሐበሾቹስ መጥተዋል?... እነማን?... እማማ ሉቺያም! እሳቸው እንኳን በእሁድ ቀን፣ ባቡሩ እንዲህ እየተቆራረጠ ከክሮይደን ተነስተው ይመጣሉ ብዬ አልጠበቅኩም።... ሁለት ረድፍ ሙሉ? አየሽ፣ የኔ ሥራ ነው። ሳምንቱን ሙሉ ሰው ጋ ስደውል የከረምኩት ለዚህ ነው።

— እኔማ አልመጣም።... አልመጣም አልኩሽ እኮ።... ሺፍት አይደለም፣ ኦፍ ነኝ። ቤት ነኝ፣ ዌምብሊ። እትዬ አልታየሽ አጠገቤ ምስር ይለቅማሉ። እትዬ፣ ፊርደውስ ናት፣ ሰላም ትልዎታለች!... እሳቸውም ሰላም ብለውሻል። ምነው ጠፋሽ፣ አክስት የለሽም እንዴ ብለዋል።

— ምን?... ‘በጃፓንኛ የሚያወራ ፊልም ምን አድርጊ ብለሽ ነው የላክሽኝ’? ሃሃ! ፊልሙን ተይው። ከፈለግሽ ተኝተሽ እለፊው። ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት ተዋናይቷ ራሷ መድረክ ላይ ትወጣለች፤ ያኔ ነው የማትተኚው። ስትወጣ ስልኩን እንዳትዘጊ። ያየሽውን ሁሉ ትነግሪኛለሽ፣ ዓይንሽን ነው የተዋስኩት።

— ዘግይቷል እንዴ?... እሰይ። እንግዲያው ነገሩን ከሥሩ ልንገርሽ። ሳታውቂው ብታዪው አይጥምሽም።

— አዎ፣ ፖስተሩ ላይ ያለችው ናት። ሚዶሪ ትባላለች።... ቆንጆማ ናት፣ ማን አይደለችም አለ? ግን ፖስተር ላይ ከመለጠፏ በፊት ያቺ ቆንጆ እኛ ቤት፣ ፎቅ ላይ ባለችው ጠባብ ክፍል ነበር የምትኖረው።... እውነቴን ነው! ሂትሮው ነው የተዋወቅነው። እኔ የአውሮፕላን ምግብ ትሪ ስደረድር፣ እሷ ተርሚናሉ ውስጥ ሱሺ ትሸጥ ነበር። ትያትር ትማራለች፣ ከዚያ ሱሺ፣ ከዚያ ኦዲሽን። ከኦዲሽን ስትመለስ ‘እንዴት ሆነ?’ ስንላት ጫማዋን እያወለቀች ራሷን ትነቀንቃለች፣ በቃ።

— የመጀመሪያ ሥራዋ ምን እንደነበር ታውቂያለሽ?... ሬሳ።... ሬሳ ነው ያልኩሽ! አንድ የፖሊስ ድራማ ላይ ሞታ የምትገኝ ቱሪስት። አንድ ቃል የላትም። ለዚያች ሬሳ ብላ ታዲያ ሳምንት ሙሉ እኛ ሶፋ ላይ ተጋድማ ትንፋሿን ስትደብቅ ትለማመዳለች። አንድ ቀን እማዬ ከሥራ ስትገባ ድርቅ ብላ አየቻትና ‘በስመ አብ!’ ብላ የያዘችውን ሽንኩርት ሳሎኑ ላይ በተነችው።... ሳቂ፣ እኛም ስቀናል። ከዚያ ወዲያ እማዬ ሁልጊዜ ስትገባ ‘ሚሚዬ፣ ዛሬስ በሕይወት አለሽ?’ ነው የምትላት። አዎ፣ ሚሚ። ሚዶሪ የሚለው አፏ አልገባ ብሏት።

— ከዚያ የሻምፑ ማስታወቂያ ሠራች። ፀጉሯ ብቻ ነው የሚታየው፣ ፊቷ የለም። ከዚያ ደግሞ ምግብ ቤት ውስጥ ሳህን አስቀምጣ ጎንበስ የምትል አስተናጋጅ። ጎንበስ ብቻ! ሁለት ዓመት ጎንበስ ስትል ኖረች። አንዱ ዳይሬክተር ‘ትንሽ ጎንበስ በይ እንጂ፣ ትንሽ ጃፓናዊ ሁኚ’ ብሏት እያለቀሰች መጣች። ያኔ የያዘቻት ማን ይመስልሻል? እማዬ ናት። ‘አይዞሽ ሚሚዬ፣ ቀን ይወጣል’ እያለች፣ ከኔ ቀድማ ለሷ እያጎረሰች።

— ግን አንድ ነገር ነበራት። ዓይን! ዓይኗ አያርፍም። አውቶቡስ ላይ የሚያንቀላፋ ሰው ታያለች፣ ቤት ስትገባ አንቀላፍታ ታሳይሻለች፤ ራሱን ሰውዬውን ነው። እትዬ ምስር ሲለቅሙ ታያቸውና ወዲያው እሳቸውን ትሆናለች፣ ከንፈራቸውን አሞጥሙጠው ጠጠሯን ሲጥሉ ሳይቀር። እኛ ደግሞ ጅሎች፣ እናጨበጭባለን። አሞራ እያበላን መሆናችንን ማን አወቀ?... እትዬ ‘አታጋንኚ’ ይሉኛል። አላጋነንኩም እትዬ! ይጠብቁ፣ ገና አልደረስኩም።

— ከዚያ እማዬ... ታውቂያለሽ።... አዎ። በድንገት፣ ሥራ ላይ እያለች።

— አንቺ ያኔ እዚህ አገር አልነበርሽም። ለቅሶው እዚሁ ሳሎን ውስጥ ነው የተቀመጥነው። እድሩ ወንበር አመጣ፣ ሰው ከበርሚንግሃም ሳይቀር ጎረፈ። እኔ ምን እንደሆንኩ አላውቅም። ሐዘንተኛ ማን እንደገባ ማን እንደወጣ ያያል እንዴ? ነጠላዬን አዘቅዝቄ መሬት ላይ ቁጭ። አንድ ነገር ብቻ ትዝ ይለኛል። በሩ ጋ የእማዬ የሥራ ጫማ ነበር፣ ጥቁሩ፣ ኋላው የተረገጠው። አንዱን አንስቼ ብብቴ ስር ወሸቅኩት። እሹሩሩ አልኩት።... አዎ፣ ጫማውን። እንደ ሕፃን። በግራ እጄ ደረቴን እየደቃሁ፣ ‘በባዶ እግርሽ ወዴት፣ እማዬ፣ በባዶ እግርሽ?’ እያልኩ።... ተይ እንጂ ፊርደውስ። አታልቅሺ፣ መድረኩን ማየት አለብሽ።

— እሺ። ሚዶሪ ጥግ ላይ ተቀምጣ ነበር አሉ። ሠልስቱ እስኪወጣ ድረስ ንቅንቅ አላለችም። ‘ይቺ ፈረንጅ እንዴት ያለች ደግ ልጅ ናት’ እያለ ሰው አደነቃት።... ለነሱ ሁሉም ፈረንጅ ነው ባክሽ። ንፍሮ ሰጧት፣ በላች። ኋላ ሲነግሩኝ እኔም እቅፍ አድርጌ አመሰገንኳት። ለቅሶ የደረሰች መስሎኝ እኮ ነው!

— ብዙም ሳይቆይ አንድ ዳይሬክተር ከጃፓን መጣ። አዲስ ፊት ይፈልጋል። ሄደች፣ ተፈተነች፣ አለፈች፣ ሻንጣዋን ይዛ ቶኪዮ ገባች። እኔው ነኝ የሸኘኋት። በዓመቱ ፊልሙ ለንደን ሲታይ ቲኬት ላከችልኝ። ለብቻዬ ሄድኩ፤ ፈንድሻ ገዝቼ፣ ዘንጬ፣ ‘የኛ ልጅ ናት’ ልል። መሃሉ ላይ እናቷ ትሞታለች።... በፊልሙ ነዋ! ዘመድ አዝማዱ አንገቱን ደፍቶ ዝም ብሎ ተቀምጧል። እሷ ብድግ አለች። ወደ በሩ ሄደች። የእናቷን ጫማ አነሳች።

— ... አዎ ፊርደውስ። ብብቷ ስር ወሸቀችው። እሹሩሩ። በግራ እጇ ደረቷን። እኔ ሳለቅስ የምታመልጠኝ አንዲት ሲቃ አለች፣ ሳል የምትመስል፤ እሷን እንኳን አልተወችልኝም። እጄ ፈንድሻው ውስጥ እንዳለ ቀረ። አጠገቤ ያለችው ሴትዮ እንባዋን እየጠረገች ለባሏ ‘አቤት ችሎታ’ ትለዋለች። ችሎታ! የኔን ለቅሶ!

— በዚያች ለቅሶ ነው የተሸለመችው። የዓመቱ ምርጥ አዲስ ተዋናይት። ሬሳና ጎንበስ ባይ የነበረችው ልጅ በአንድ ጊዜ ኮከብ ሆና ቁጭ። ጋዜጠኛ ‘ያን ለቅሶ ከየት አመጣሽው?’ ብሎ ጠየቃት። ምን ብትል ጥሩ ነው?... ‘ከራሴ ውስጥ ነው ያገኘሁት።’ ከራሷ ውስጥ! የኛ ሳሎን ሆዷ ውስጥ ነው እንዴ ያለው? የእማዬን ስም አንዴ ብትጠራው ምን ይጎድልባት ነበር? ወርቅዬ። አራት ፊደል ናት። ወርቅዬ ማለት ይህን ያህል ያቅታል?

— ሌላው ሁሉ ይቅር፣ እሱ አይደለም ያንገበገበኝ። ከዚያች ቀን ወዲህ አላለቀስኩም።... አልችልም ነው የምልሽ። ሊመጣ ሲል እሷ ትመጣብኛለች። እጄ ወደ ደረቴ ሲሄድ ‘ሚዶሪን አስመሰልሽ’ የሚለኝ ነገር አለ። እማዬን ላለቅስላት ስቀመጥ የሲኒማ ተመልካች ሆኜ እነሳለሁ። ሁለተኛው ሙት ዓመት ላይ እንደ ግንድ ተገትሬ ቆሜ ሰው ‘ማህሌት እንዴት ጠነከረች’ አለ። አልጠነከርኩም። ተዘርፌ ነው።

— እትዬ ደግሞ ‘ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት’ ይሉኛል። እሺ እትዬ፣ እኔ ጸሎት ላይ አይደለሁም!

— አልጀመሩም አይደል?... እሺ። ያለፈው ወር ሜሴጅ አደረገችልኝ፣ ስንት ዓመት ጠፍታ። ‘ለንደን ልመጣ ነው፣ መድረክ ላይ የናንተን አገር ልብስ ብለብስ ደስ ይለኛል፣ ምን ትያለሽ?’ በሬ ሆይ አልኩ በሆዴ፣ ሳሩን አየህና! ወዲያው አዲስ ነጠላ ገዝቼ፣ አረንጓዴ ጥለት ያለው፣ የምታርፍበት ሆቴል ድረስ ላክሁላት። አለባበሱንም በቪዲዮ ቀርጬ። እንዴት ይመስልሻል?... ኧረ ገምቺ!... አዎ! ጥለቱን ወደ ላይ፣ አንገት ላይ። አዘቅዝቄ። ‘ለታላቅ ደስታ የምንለብሰው እንዲህ ነው’ አልኳት።

— ምን ‘አላህ ይቅር ይበልሽ’ ነው? ዝም ብለሽ አዳምጪ። ፈረንጁ ምንም ስለማይገባው ያጨበጭባል። ሁለት ረድፍ ሐበሻ ግን ‘ማን ሞተባት?’ ይላል። አንዱ ይስቃል፣ አንዱ ይቀርፃል፣ ሳይመሽ ቲክቶኩን ትሞላዋለች፤ ቀብር የመጣች መስሏት ሲኒማ ቤት የገባች ኮከብ! ለዚህ ነው ሰው ስሰበስብ የከረምኩት።... ነውር? እሷ ስታደርገው ጥበብ፣ እኔ ሳደርገው ነውር? የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ለቅሶዬን ወስዳለች አይደል? ልብሱንም ትውሰድ!

— ለምን አልመጣሽም አልሽኝ? እውነቱን ልንገርሽ? ፊቷን ካየሁ እንዳልራራላት ፈርቼ ነው። እማዬ ያጎረሰችው ፊት ነው። ከሩቅ ይሻላል።

— ምን?... መብራቱ ጠፋ? ወጣች?... ቆይ ቆይ፣ ቀስ ብለሽ፣ ድምፅሽን ቀንሺ። ምን ለብሳለች?... ጥቁር ቀሚስ። ከላይስ?... ነጠላ! እትዬ፣ ለበሰችው! እንዴት አድርጋ?... አንገቷ ላይ። ጥለቱ ወደ ላይ። እሰይ! እሰይ! ሐበሾቹስ?... እየተያዩ ነው። እማማ ሉቺያ አማተቡ? ሃሃ! ሳቁ?... አንድ ጎረምሳ ብቻ? ሌሎቹስ ምን ነካቸው?... ምን ማለት ነው ግራ ገባቸው? ቆይ፣ ገና ነው።

— ማይክ ያዘች። ምን አለች?... ቀስ እያልሽ ንገሪኝ።... ‘ይህን አለባበስ ያስተማረችኝ ጓደኛዬ የደስታ ነው ብላኛለች።’ አዎ ብያለሁ፣ ሃሃ።... ‘የደስታ እንዳልሆነ ግን አውቃለሁ።’

— ምን?... ድገሚልኝ።... እንዴት ታውቃለች? ማን ነገራት? አንቺ ነሽ?... እሺ እሺ፣ አሁን ነው የነገርኩሽ፣ ልክ ነሽ። ታዲያ ማን?... ‘ዌምብሊ ውስጥ፣ በአንድ የሐዘን ቤት፣ አንዲት ትልቅ ሴት በእጃቸው እንዲህ አድርገው አልብሰውኛል።’ የምን ትልቅ ሴት?

— ... እትዬ። እትዬ፣ ምስሩን ይተዉትና ቀና ይበሉ እስቲ። እርስዎ ነዎት?... መቼ?... ጥግ ላይ ተቀምጣ ስትንቀጠቀጥ አይተው። ከመስቀያው ላይ ያገኙትን አንስተው። እና አዘቅዝቀው አለበሷት?... ‘ሐዘንተኛ አይደለች እንዴ?’ ይሉኛል! ለምን አልነገሩኝም?... አዎ። አልጠየቅሁም። እኔ ያኔ ምኑን አየሁት።

— ሄሎ፣ አለሁ፣ አለሁ። ፊርደውስ፣ ጥለቱ ምን ዓይነት ነው? አረንጓዴ ነው አይደል?... አይደለም? እኔ የላክሁት አረንጓዴ ነው።... ሐምራዊ። ቀጭን። ቆይ... ጫፉ ላይ የተቃጠለች ነገር አለች? ትንሽ?... ከዚያ እንደማይታይ አውቃለሁ፣ ግን እስቲ...

— ዘርግታ አሳየች? አለች?... የትንሣኤ ጧፍ ነው ያቃጠላት። የእማዬ ነጠላ ነው! ቤቱን ገልብጬ የፈለግሁት፣ አብሯት የተቀበረ መስሎኝ ተስፋ የቆረጥኩበት! ሌባ! ለቅሶዬን ብቻ መስሎኝ፣ ለካ ልብሷንም ይዛ ነው አገር የቀየረችው!... አልጮህኩም!

— እህ... ‘በመጀመሪያ ፊልሜ ያለቀስኩት ለቅሶ የራሴ አልነበረም።’... ‘ከሰው ቤት ነው የወሰድኩት፣ ጠይቄም አይደለም።’ እንዲህ አለች? በሰው ሁሉ ፊት?... ‘የሟቿ ስም...’

— ጠራችው?... አስተካክላ? እንዴት ነው ያለችው፣ እንዳለችው በይልኝ።... ወርቅዬ። አዎ። እሷ ናት።

— ‘ልጇ ይህን ያስተማረችኝ እንዳፍር ብላ መሆኑ ገብቶኛል፤ ማፈር ስላለብኝ ለበስኩት።’... አየሻት! አየሻት ፊርደውስ፣ በቀሌንም ወሰደችው! ስንት ሌሊት ያበሰልኩትን ቀምታ የራሷ ሚና አደረገችው! ትያትር ነው፣ እመኚኝ፣ አሁን ማልቀስ ትጀምራለች። ጀመረች?... አላለቀሰችም? ደረቷን አልመታችም?... እጇን አጣምራ ዝም ብላ ቆማለች። ዝም ብላ ብቻ?

— ፈረንጁስ አላጨበጨበም?... አንድም ሰው። ሐበሾቹስ?... ተነሱ? ጥለው ሊወጡ ነው?... ቆመው ቀሩ። እማማ ሉቺያ ምን?... ነጠላቸውን አዘቀዘቁ። ሌሎቹም።... ለእማዬ? እዚያ፣ ሲኒማ ቤት ውስጥ?... አንቺስ?... ሻርፕሽን። እሺ።

— ... አለሁ። እትዬ ናቸው፣ ‘ጉድጓድ ስትቆፍሪ አታርቂው’ እያሉኝ። አውቃለሁ እትዬ፣ ተረቱን አውቀዋለሁ፣ አሁን አይበሉኝ!

— ፊልሙ ሊጀመር ነው?... እሺ ውጪ፣ በቃ፣ ሂጂ ወደ ቤትሽ።... ወደ አንቺ? ለምን ወደ አንቺ ትመጣለች?... ስሜን ስትጠሪ ሰምታ! ቀስ በይ አላልኩሽም?... ኮሪደሩ ላይ ናችሁ? ምን ትላለች?... ነጠላውን ልታመጣልኝ? ዛሬ?

— አትምጣ በያት።... በያት! ይቅርታ አላደርግላትም በያት። ብትንበረከክም፣ ብታነባም። ያቺን ሴትዮ ከነባሏ፣ ፈንድሻውን፣ ሙት ዓመቱን አልረሳውም በያት።... ምን አለች?... ‘ይቅርታ አልጠየቅሁም።’... ‘የሰው ዕቃ ነው፣ ልመልስ ነው።’ ዕቃ አለችው? እስከ ዛሬስ የማን ዕቃ መስሏት ኖሯል?... አፍራ ነው ያልመለሰችው? ከሽልማቱ በኋላ አፍራ። ከሽልማቱ በፊትስ?... ማን ከለከላት?

— እትዬ፣ ወዴት ነው?... ምስሩን ሊጥዱ። ለማን? ማንም አይመጣም አልኩ እኮ!... ‘ሚሚ ቅመም አትችልም’ እያሉ ወደ ኩሽና ገቡ። ጉድ እኮ ነው፣ በቤቴ የሚሰማኝ የለም።

— ልታናግረኝ ትፈልጋለች?... አልፈልግም። ስልኩን እንዳትሰጫት። ፊርደውስ፣ በጓደኝነታችን፣ እንዳትሰጫት።... አዎ፣ ነጠላው እጇ ላይ እንዳለ ገባኝ። አጣጥፋዋለች?... እንዴት አድርጋ?... እማዬ እንደምታጥፈው። ሦስት አድርጋ፣ ጥለቱን ወደ ውስጥ።... እሱንም አይታዋለች ማለት ነው። እኔ እንኳን ረስቼው ነበር።

— ... አለሁ።... ምንም አልሆንኩም።... ጫማው ከደረጃው ስር ነው ያለው እኮ። አልጣልኩትም። አንዱ ብቻ፣ ሌላው የት እንደገባ... አይ፣ ምንም አይደለም አልኩሽ።... ሳል ነው።... ሳል ነው! ብርድ መትቶኝ ነው።

— ቆይ። ፊርደውስ። ይሄ ስልክ ስፒከር ላይ ነው እንዴ?... እየሰማች ነው?... አጥፊው! አሁኑኑ አጥፊው! ከጆሮዋ አርቂልኝ!... ትምጣ። ነጠላውን ይዛ ትምጣ፣ እትዬ ይክፈቱላት፣ ምስሯንም ትብላ። እኔ ግን አልቅሼ ጨርሼ ፊቴን እስክታጠብ ድረስ ውጪ ትቆማለች፣ ዝናብ ቢሆንም ትቆማለች። ይቺን አታያትም። ይቺን አትሰማትም። ይቺ የኔና የእማዬ ናት።... ዝጊው፣ ፊርደውስ፣ በእናትሽ፣ ዝጊ...